አንድ የይለፍ ቃል ለሁለት

1.

ፎልደሩ የእሷ አልነበረም።

2.

ትርሲት ሶዶ ውስጥ የሰርግ ቪዲዮ ታቀናብራለች። ቀኑን ሙሉ የሰው እልልታ በጆሮዋ ሲንቆረቆር ይውልና ቤቷ ስትገባ «እንዴት ዋልሽ» የሚላት የለም። ያን ጊዜ ፍላሽ ሁሉ ቫይረስ ተሸካሚ ስለነበር የከተማው ሰው ፋይሉን የሚያኖረው «ጎተራ» በሚባል ድረ ገጽ ላይ ነበር። ዘፈኑም፣ ፊልሙም፣ የመመረቂያ ጽሑፉም እዚያ ነው። እሷም ከአንድ ኢንተርኔት ቤት የይለፍ ቃል ገዛች። ባለቤቱ ለካ ያንኑ ቃል ለሌላ ሰውም ሸጦታል።

3.

ፎልደሩ «ለሶስና» ይላል። ውስጡ የድምፅ ፋይሎች አሉ። አንዱን ከፈተችው።

«ሶስናዬ፣ አባትሽ ነኝ። ዛሬ የጅቡንና የአህያዋን ተረት ነው የምነግርሽ። ስታድጊ ትሰሚዋለሽ።»

ዘጋችው። የሰው ጓዳ መግባት ነውር ነው።

ደግሞ ከፈተችው።

4.

ባዶ ፎልደር ፈጠረችና ስሙን «ይቅርታ፣ ሰማሁት» አለችው። በማግስቱ ከጎኑ ሌላ ተፈጥሮ አገኘች፦

«ምንም አይደል። ጅቡን አበዛሁት እንዴ?»

ብቻዋን ሳቀች።

እንዲህ በፎልደር ስም ሲጨዋወቱ ዓመታት አለፉ። ስሙን አልጠየቀችውም። ልጁን ለምን እንደማያያት ግን ጠይቃው ነበር። «ከእናቷ ጋ ተቀያይመናል» ብሎ ጻፈ። (ከእነዚያ ዓመታት እዚህ የሚጻፈው ይህ ብቻ ነው። ሌላው ከጎተራ ጋር ሄዷል።)

5.

ከዚያ ቴሌግራም መጣ። ሰዉ ጎተራን እርግፍ አድርጎ ተወው።

እሱም

ጠፋ።

6.

ማስታወቂያው አጭር ነው፦ «አገልግሎታችን በወሩ መጨረሻ ይዘጋል። ፋይሎችዎን ያውርዱ።»

ትርሲት የሰርጎቹን ትታ ተረቶቹን ማውረድ ጀመረች። ኔትወርኩ እየተቆረጠ ስንቴ ከመጀመሪያው አስጀመራት፤ ግን ጨረሰች። አዲስ ፎልደርም ፈጠረች፦ «ሊዘጋ ነው። ተረቶቹን ለማን ልስጥ?»

መልስ የለም።

መልስ የለም።

በመዝጊያው ዕለት ጠዋት ግን መጣ፦ «ታምሜ ነው የጠፋሁት። እኔ ብደውል አያነሱልኝም። አንቺ ስጪልኝ።» ቀጥሎም የሶስና እናት ስልክ ቁጥር።

«የአንተንስ ቁጥር?» ብላ ጻፈች።

ገጹን ደግማ ስትከፍተው ነጭ ሆኗል።

7.

ደወለች።

— ሄሎ?

የልጅ ድምፅ ነው።

— ሶስና ነሽ?

— አዎ። ማን ልበል?

ትርሲት ለዚህ አልተዘጋጀችም ነበር።

— እኔ እንኳ…

8.

ስልኩን ወደ ኮምፒውተሩ አስጠግታ የመጀመሪያውን ፋይል ከፈተችላት፦ «ሶስናዬ፣ አባትሽ ነኝ።»