የዳማ ዋስ

የዳማ ነገር ቁርጡ የሚለየው በዚያ እሑድ ከሰዓት ነበር። ወይ ኢስራ እሳቷን ይዛ ትቀጥላለች፣ ወይ እሳቱ ይቀርና ቁስል አጣቢ ትሆናለች። ይህን ያመጣው ተዋቸው ነው። ተዋቸው ባጃጅ ጠጋኝ ነው፤ ቃሉም እንደ ብሎኑ ነው፣ አንዴ ካጠበቀው አይላላም።

ዳማ በሬ አይደለም፤ ስሙን ግን ያገኘው ከበሬ ነው። እሑድ እሑድ ተሰብስበው በሚጫወቱት የዳይስ ጨዋታ ላይ ኢስራ የምትጫወተው ድሩይድ የሚሉትን የዱር አዋቂ ነው፤ ከዛፍና ከአውሬ ጋር የሚነጋገር፣ ሲጨንቀው ደግሞ ከአፈር ውስጥ የእሳት ጓደኛ የሚጠራ። ያንን የእሳት ጓደኛ ነው ዳማ ያለችው፤ ለከብት መኖ የሚሆን አገዳ ባለቀበት ዓመት አባቷ ጎብዬ ገበያ ነድቶ የሸጠው ቀይ በሬ ስም ነው። አዋቂዋን እራሷን ደግሞ ወይዘሮ ቁልቋል ብላታለች። እሾኹን ከየት እንዳመጣችው የጠየቃት የለም።

ጨዋታውን ቆቦ ድረስ ያመጣችው ሲስተር ሜሮን ናት። የባሕር ዳር ልጅ ናት፤ ጤና ጣቢያ ተመድባ ስትመጣ ሻንጣዋ ውስጥ ከጋውኗ ጋር ባለ ሃያ ፊት ዳይስና የተጨማደደ የሕግ መጽሐፍ ይዛ ነበር። ታሪኩን የምትናገረው፣ ጠላቱን የምታንቀሳቅሰው እሷ ናት፤ ሌሎቹ በየተራቸው “እኔ እንዲህ አደርጋለሁ” ይላሉ፣ ዳይሱ ይፈርዳል፤ ብዙ ከወጣ ተሳካ፣ ጥቂት ከወጣ ከሸፈ። ኢስራ ከአስረኛ ክፍል ወዲህ መምህር የሚባል አላየችም፤ እንግሊዝኛን ያስተማራት ያ የሕግ መጽሐፍ ነው። ስለዚህ በእንግሊዝኛ “ውሃ ስጪኝ” ማለት ቢያንቃትም፣ “በአቅራቢያው ያለ ማንኛውም ፈቃደኛ ፍጡር” የሚለውን ግን እንደ ስሟ ታነበንበዋለች። በዚህም አታፍርም፤ ማፈር ያለበት ካለ ሌላው ይፈር ባይ ናት።

ዳማ ጥፋት የለበትም አይባልም። መጀመሪያ ዋሻ ውስጥ የፊታውራሪ መዶሻን ጢም አነደደ። ፊታውራሪ መዶሻ የተዋቸው ጦረኛ ነው፤ ብረት ለባሽ፣ ባለ ትልቅ ጋሻ። ቀጥሎ ጠላት ሊሻገር ነው ብላ ኢስራ የእንጨቱን ድልድይ በዳማ አስበላችው፤ ድልድዩ ላይ የቆመውን ፊታውራሪ ጭምር።

“ጠላት ተሻገረ? አልተሻገረም” ትላለች እስከዛሬ።

“እኔስ ተሻገርኩ?” ይላል ተዋቸው።

እናም ያን እሑድ ከፈሪድ ጨርቅ ቤት ጓዳ ገና ሳይቀመጥ ነው የተናገረው። “ዛሬ እሳትሽ ከእኛ ሰው አንድ ካቃጠለ፣ ወይም እንደ ልማዱ ሮጦ ገብቶ ከጠፋ፣ አበቃ። ሐኪም ትሆኛለሽ። የሐኪሟን ኃይል የጻፍኩበትን ወረቀት አዘጋጅቼልሻለሁ። ለሴት ልጅ ማከም ያምርባታል።”

ሲስተር ሜሮን ከመጽሐፏ ቀና አለች። “ሳምንቱን ሙሉ ሳክም የምውለው እኔ ነኝ። ያማረብኝ መስሎሃል?”

ፈሪድ ሳቀ። ፈሪድ የኢስራ የአጎት ልጅ ነው፤ የሚጫወተውም ጥላ የሚባል ሌባ ነው። ሲስቅ የተዋቸውን ሐሳብ የተቃወመ ይመስላል፣ አልተቃወመም። ኢስራም “እሺ” አለች፤ እምቢ ማለት የፈራ ሰው ነገር ነውና።

መብራት ጠፍቶ ማራገቢያው ቆሟል። ተዋቸው ያዘጋጀውን የሐኪም ወረቀት አንስቶ አንገቱን ያራግብበት ጀመር።

ካርቶኑ ላይ በእስክሪብቶ የተሳለ መንደር አለ። የመንደሩን ከብት ሊነዱ የመጡት ጅብ ፊቶች ሦስት የቴምር ፍሬዎች ናቸው፤ ገላቸው የሰው፣ መንጋጋቸው የጅብ። ፊታውራሪ መዶሻ ከተዋቸው ኪስ የወጣ የብሎን ዳዶ ነው፣ ጥላ የሸሚዝ ቁልፍ፣ ወይዘሮ ቁልቋል አረንጓዴ ቆርኪ። የበረቱ አጥር በእርሳስ ተሰምሯል። ከበረቱ ወዲያ የቆመው የማሽላ አገዳ ክምር የክብሪት ቀፎ ነው፤ ሲስተር ሜሮን ሌላ ነገር አጥታ ነው ያስቀመጠችው።

ውጊያው ገና ሳይሟሟቅ ከፋ። ሦስቱ የቴምር ፍሬዎች እነ ፊታውራሪን ገፍተው ገፍተው የአጥሩ ጥግ ከተቷቸው። ዳዶው ቆስሏል፣ ቁልፉ ቆስሏል፣ አረንጓዴው ቆርኪም አንድ ሁለት ንክሻ ቀምሷል።

“ጀርባችሁ አጥር ነው፣ ፊታችሁ ጅብ” አለች ሲስተር ሜሮን፣ ደስ እያላት። “ኢስራ፣ ተራሽ።”

“ዳማን እጠራለሁ” አለች ኢስራ፤ ቀይ ቆርኪም በሦስቱ ወገኖች መሃል ዱብ አለ።

ተዋቸው ማራገቡን አቆመ። “መጣልና!”

ኢስራ ሳምንቱን ያሰበችው ስለዚህች ሰዓት ነበር። እስከዛሬ ዳማን እንደ ውሻ ነበር የምትለቀው፤ ሂድ ንከስ ስትለው ይሄዳል፣ አንድ ምት ይቀምሳል፣ ይጠፋል። ሕጉን ደጋግማ ስታነብ ግን ዳማ ካልነዱት ንቅንቅ የማይል መሆኑ ታያት፤ ያለ ትእዛዝ ራሱን ከመጠበቅ በቀር የሚያደርገው የለም። ይሄማ በሬ ነው። በሬ ደግሞ ሰው ላይ አይለቀቅም፤ ይጠመዳል።

“ስሙኝ” አለች። “ዳማ መዝለል ይችላል። አጠገቡ የቆመን ሰው ሁሉ ይዞ ይጠፋና ከአጥሩ ወዲያ ብቅ ይላል። እሳቱ የሚቀረው የተነሣበት ቦታ ላይ ነው፤ እዚያ የቀረውን ይለበልባል። እኛ እንሄዳለን፣ ጅቦቹ ይቀራሉ።”

“እውነት ነው፣ ይላል” አለች ሲስተር ሜሮን። “ግን የሚዘለው ፈቃደኛ የሆነ ብቻ ነው። ያልፈቀደ እዚያው ይቀራል፣ ከጅቦቹ ጋር ይቃጠላል።”

ሁሉም ተዋቸውን አዩት።

“አልፈቅድም” አለ።

“አንተ ሰው፣ ልትበላ ነው እኮ” አለው ፈሪድ።

“በጅብ መበላት ያባት ነው። በሷ እሳት ግን ሦስተኛ አልቃጠልም። ዋስ ትጥራ።”

“ለማን?” አለች ኢስራ።

“ለእሳትሽ። የበደለ ሰው ዋስ ሳይጠራ ጎን ለጎን ይቆማል? በየት አገር ነው ይሄ?”

“በታሪኩ ውስጥ አንድ ተራ ስድስት ሰከንድ ነው” አለች ሲስተር ሜሮን። “ጅቦቹ አፋቸውን ከፍተው ቆመዋል።”

“ይቁሙ። ሽማግሌ ተቀምጦ እያየ የሚነክስ ጅብ ራያ ምን ይሠራል?”

ኢስራ ምላሷ ላይ የመጣውን መልሳ ዋጠችው፤ እንደ ቃሪያ ነው የወረደው። እስከዛሬ ለማንም ነገር ማንንም ለምና አታውቅም። ዓይኗን ብቻ ወደ ፈሪድ ወረወረች።

ፈሪድ ጉሮሮውን ጠረገ። “እኔ ዋስ ነኝ።”

“አንተ ሌባ ነህ!”

“ሌባው ጥላ ነው። ዋሱ ፈሪድ ነው።”

“የፈሪድማ ሜትር ያጥራል፣ ቆቦ በሙሉ ያውቃል።”

“ወላሂ ሜትሬ ልክ ነው፤ እናንተ ናችሁ የወፈራችሁ” አለ ፈሪድ። “ስማ፣ እሳቱ አንዲት ጸጉርህን ከነካ ጥላ ያን ድምፅ የሌለው ጫማውን ይሰጥሃል። እኔም ራሴ ዳማ አጠገብ እቆማለሁ፤ ብትቃጠል አብረን ነው።” ይህን ብሎም የሸሚዝ ቁልፉን ገፍቶ ቀዩን ቆርኪ አስነካው።

ተዋቸው ዳዶውን በሁለት ጣቱ ይዞ ብዙ አሰበ። ከዚያ ቀስ አድርጎ ቀዩ ቆርኪ አጠገብ አኖረው፤ ትኩስ ምጣድ እንደሚነካ ሰው።

“ፈቃደኛ ነኝ። ፊታውራሪው ግን ዓይኑን ጨፍኗል።”

ኢስራ ቀይና አረንጓዴ ቆርኪዋን፣ ዳዶውን፣ ቁልፉን በአንድ እጇ አፍሳ ከአጥሩ ወዲያ አኖረቻቸው። ሲስተር ሜሮን ለጅብ ፊቶቹ ዳይሱን ጣለች። ሁለቱ አልቻሉም፤ በቆሙበት ነደዱ፤ የቴምር ፍሬዎቹንም አንስታ ኪሷ ከተተቻቸው። ሦስተኛው ግን አለቃቸው ነው፤ ዘሎ ወጣ፤ ዞሮም ከበረቱ ወዲያ፣ ልክ ከአገዳው ክምር ሥር ቆሞ ጥርሱን አሳየ።

ተዋቸው የፊታውራሪውን ጢም የሚዳብስ ይመስል አገጩን ዳሰሰ። ምንም አልሆነም።

“ዳማ አሁን ነበልባል መወርወር ይችላል” አለች ሲስተር ሜሮን። “አለቃው እንደ ሌሎቹ ተለብልቧል፤ አንድ ከነካው ያበቃል። ጀርባው ክምሩ ነው፣ የሚሸሽበትም የለው። ወርውሪ።”

ኢስራ የክብሪቱን ቀፎ አየችው።

“ሲስተር፣ ወሩ ምንድን ነው?”

“የቱ ወር?”

“የመንደሩ።”

ሲስተር ሜሮን መጽሐፏን ገለበጠች፤ መጽሐፉ ስለ ወር የሚለው የለም። “እ… ግንቦት ይሁን።”

“ግንቦት ካልሽማ ከዚህ አገዳ ሌላ ምን መኖ ቀረ” አለች ኢስራ ዝግ ብላ።

“ኅዳር በይ እስቲ” አላት ፈሪድ ሲስተርን፣ ሊረዳ አስቦ።

“በኅዳርማ ይብሳል” አለ ተዋቸው። “የዓመቱ መኖ ነው።”

“ምን ሆናችኋል?” ሲስተር ሜሮን እያፈራረቀች አየቻቸው። “ካርቶን እኮ ነው። ክብሪት ነው እሱ።”

“ክምሩ ከነደደ ለዝናቡ የሚደርስ ከብት የለም” አለች ኢስራ። “ሌባውን አባረን ከብቱን በረሃብ ልንጨርሰው? ከጅቡ በምን ተሻልን? አልወረውርም። ዳማ ይተኛ፣ ራሱን ይጠብቅ። ወይዘሮ ቁልቋል በወንጭፍ ትወነጭፋለች።”

ወፍ ማባረሪያ ወንጭፍ ነው። ማሽላ ስትጠብቅ ያደገች ልጅ እጅ ነው የያዘው፤ ዳይሱ ግን ያን አላወቀም፤ ሁለት ወጣ። ድንጋዩ የት እንደገባ ሲስተር ሜሮን እንኳ አልተናገረችም።

“አለቃው ይሥቃል” አለች። “ከዚያ ዳማ ላይ ይወረወራል።”

ሁሉም ምን ማለት እንደሆነ ያውቃሉ። ዳማ አንድ ምት አይችልም፤ ከጠፋ ደግሞ ቃል ቃል ነው። ኢስራ ወረቀቱን በተዋቸው እጅ አየችው፤ በላብ ተጣብቋል። ፊቷን ግን አላጠቆረችም፤ ሐኪም ብትሆንም መራራ መድኃኒት የምትሰጠውን ሰው ታውቀዋለች።

ሲስተር ሜሮን ዳይሱን በመዳፏ ነቅንቃ ልትጥል ስትል ግሪስ የለበሰ እጅ መጥቶ እጇን ሸፈነው።

“ቆይ” አለ ተዋቸው። “ጋሻዬን እዘረጋለሁ።”

ፊታውራሪው በየዙሩ አንድ ጊዜ ጋሻውን አጠገቡ ላለ ወገን መዘርጋት ይችላል። ለጥላ ዘርግቶ ያውቃል፤ ለአንዲት የታመመች በቅሎ እንኳ ዘርግቷል። ለዳማ ዘርግቶ አያውቅም።

“ለእሳቱ?” አለች ሲስተር ሜሮን።

“አጠገቤ ቆሟል አይደል? እንግዲህ ወገን ነው።”

ጋሻ ካለ ዳይሱ ሁለቴ ይጣላል፣ የሚያዘው ትንሹ ነው። አንዱ አሥራ ሰባት ወጣ፤ ፈሪድ “ያ አላህ” አለ። ሁለተኛው ተንከባለለ፣ የክብሪቱን ቀፎ ገጨ፣ አራት ላይ ቆመ።

የጅቡ መንጋጋ ብረት ነከሰ። ፈሪድም ጊዜ አላጠፋም፤ ጥላ ድምፅ በሌለው ጫማው፣ በዋስትና ባስያዘው ጫማው፣ ከኋላ መጥቶ አለቃውን ጨረሰው። ከክምሩ አንዲት አገዳ አልጎደለችም።

ሲስተር ሜሮን የመጨረሻውን የቴምር ፍሬ አንስታ አገላብጣ አየችው። “እንዲህ ያለ ውጊያ መርቼ አላውቅም” አለች። “ግን ገና ነው። ከወንዙ ማዶ ጩኸት ትሰማላችሁ፤ የቀሩት ጅብ ፊቶች እየመጡ ነው። ቦታ ቦታችሁን ያዙ።”

ተዋቸው የሐኪሙን ወረቀት አራት አጥፎ ከሚንገዳገደው የጠረጴዛ እግር ሥር ወተፈው። ከዚያ ዳዶውን ወደ ቀዩ ቆርኪ ገፋ አደረገ።

“ዳማ በቀኝ በኩሌ ይሁን” አለ።

በስሙ ሲጠራው የመጀመሪያው ነው። ኢስራ ሰማች። ቀዩን ቆርኪ አንስታ በቀኙ አኖረችለት።

“በግራ በኩል ያነደደው ጢሜ ገና አልበቀለም” አለ ተዋቸው።