የይሻው መለኪያ

አሰፋሽ በአረቄ ቤቷ አንድ ሕግ ነበራት። የበቃውን ሰው በቃህ ብላ አትጨቃጨቀውም፤ መለኪያውን ጠረጴዛው ላይ ገልብጣ ትደፋበታለች፣ አለቀ። እሷ የደፋችውን የሚያቀና ወንድ ከደብረ ታቦር እስከ ጉና ገና አልተወለደም ትል ነበር። ሚሊሻውም ደብተራውም ተደፍቶበት ጋቢውን እያስተካከለ ወጥቷል።

ክረምት ሲገባ ለበግ ነጋዴው ለይሻውም ደፋችበት። ከማዕዘኑ ወንበር አኩርፎ ተነሣ፤ ደህና እደሪ እንኳ ሳይላት ወጣ። ጠዋት ከድልድዩ ሥር ሞቶ ተገኘ።

ጠረጴዛዋን ሳትወለውል የንግድ ፈቃድ መሥሪያ ቤት ሰዎች ደረሱ። ሰክሮ እያየሽ ቀድተሽለታል ብለው፣ አንዲት ቃል ሳይጠይቋት ፈቃዷን ሰረዙ። በሩ ላይም ባለማኅተም ወረቀት ለጥፈው አሸጉት። ከዚያ ወዲያ ምንጭ ስትወርድ ሴቶቹ እንስራቸውን ያሸሹባት ጀመር። ገዳይ ተባለች። ከገበያዋ ይልቅ ያንገበገባት ይኸ ስም ነበር።

ፍርድ ቤት ሄደች። አቤቱታ ጸሐፊውን፣ «መለኪያው እንደ ደፋሁት ውስጥ አለ፤ ክፈቱና እዩ በልልኝ» አለችው።

ዳኛዋ ሰብለወንጌል የምትባል፣ የአሰፋሽን የልጅ ልጅ የምታክል ወጣት ነበረች።

«ገድለሻል ወይ ብለሽ ጠይቂኛ፣ ልጄ» አለቻት አሰፋሽ።

«እማማ፣ እዚህ እሱን አንጠይቅም። የምናየው መሥሪያ ቤቱ በሕጉ መንገድ ወስኗል ወይ የሚለውን ነው።»

«ታዲያ ማን ሊጠይቀኝ ነው?»

ዳኛዋ መዝገቡን ወደ መገልበጥ ተመለሰች። ፍርዱ ሲነበብ ግን ስረዛው ተሽሮ ነበር። መሥሪያ ቤቱ ቤቱን ከፍቶ ይመልከት፣ ጉዳዩ የሚነካውን ሁሉ ይስማ፣ ከዚያ እንደ አዲስ ይወስን ተባለ። አሰፋሽ ያንን «የሚነካውን ሁሉ» የሚለውን ቃል እያላመጠች ቤቷ ገባች።

የፈቃዱ ኃላፊ አንዷለም በመጣ ቀን የጉና ጉም መንገዱ ላይ ተኝቶ ነበር። ማኅተሙ ሳይነካ እንዳለ ነው። ቀዶት ገባ፤ እሷም ተከተለች። አቧራው አግዳሚውንም ጀሪካኑንም እንደ ዱቄት አልብሶታል። የይሻው ጠረጴዛ ላይ ግን መለኪያው ቀንቶ ቆሟል። እስከ አፉ ሞልቷል። አቧራ የሚባል አልነካውም፤ አረቄው አሁን እንዳስቀመጡት ሁሉ ይርገበገባል።

«እትዬ አሰፋሽ፣ ይኸው ቀድተውለታል» አለና እስክሪብቶውን አወጣ።

አሰፋሽ እጇን ዘርግታ አስቆመችው። «ቆይ እንጂ፣ አንተ ልጅ። የሚነካውን ሁሉ ስማ ተብለሃል። ያልሰማኸው ሰው አለ።» ወደ ማዕዘኑ ዞረች። «ይሻው፣ ሞተህም ማኩረፍህን አልተውክም? ቀዳሁልህ ወይስ ደፋሁብህ? ለዚህ ሰውዬ ንገረው።»

ወንበሩ ሲጥ አለ። የበሰበሰ ጋቢና የበግ ጠጉር ሽታ ቤቱን ሞላው። አንዷለም ከወረቀቱ ቀና አላለም። ወዲያው ብርጭቆ እንጨት ሲመታ ተሰማ፤ አንድ ጊዜ ብቻ። መለኪያው ተደፍቷል። ጠረጴዛው ላይ ጠብታ የለም፤ ዙሪያው ያለው አቧራም እንደ ነበረ ነው።

አንዷለም ፈቃዱ ይመለስላት ብሎ ቆሞ ጻፈ። ጃንጥላውን ረስቶ ሄደ።

አሰፋሽ ቀኑን ሙሉ ስትጠርግ ዋለች። ፀሐይ ሲያዘቀዝቅ ጠርሙስ ይዛ ወደ ማዕዘኑ ብትመለስ መለኪያው ቀንቶ ጠበቃት። አሁን ባዶ ነው። ወንበሩም ይሻው ሲጠማው እንደሚያደርገው ወደ ጠረጴዛው ተጠግቷል።

ምን እንደፈለገ ገባት። እጇ ጠርሙሱን ማዘንበል ጀምሮ ነበር፤ መለሰችው።

«አይሆንም፣ ይሻው። ለምስክር አይቀዳም። ብቀዳልህ ጉቦ ነው፤ ቃልህም ፈቃዴም ገደል ገባ ማለት ነው።»

ገልብጣ ደፋችበት። ብርጭቆው እንደ በረዶ ይቀዘቅዛል። ከመዳፏ ሥር ቀስ ብሎ ወደ ላይ ገፋ። ጫነችው። ደግሞ ገፋ።

በሩ ተንኳኳና ጎረቤቷ ሙላቴ ብቅ አለ፤ ከተከፈተ ወዲህ የመጀመሪያው ሰው እሱ ነው። በሁለት እጇ ጠረጴዛው ላይ ተደፍታ አገኛት። ምን ይዘው ነው፣ እትዬ፣ ብሎ ጠየቃት።

«ደንበኛ ነው» አለች። እጇን ግን አላነሣችም።