ችሎት ደጅ የደረቀችው ታንኳ

ናሲሌሌ ትምህርት ያቆመችው ከስድስተኛ ክፍል ቢሆንም፣ በምላስ የሚረታኝ ዳኛ አልተወለደም ባይ ናት። «እኔ አፌን ከከፈትኩ አጎቴ ሲማታ ታንኳዋን በራሱ ትከሻ ተሸክሞ ያመጣታል!» እያለች መንደሩን ስትዞር ከረመች። እናቷን ምዋንጋላን ለክስ የገፋፋቻትም እሷው ናት።

ታንኳዋን ከግንድ የፈለፈላት ሟቹ አባቷ፣ የሲማታ ወንድም ነው። ዛፉ ደግሞ የሲማታ ነበር። አባቷ ሲሞት ሁለቱም ወገን «የኔ ናት» አለ። ፍርድ ቤቱም ክርክሩ እስኪያልቅ ብሎ ታንኳዋን አስጎትቶ ግቢው ውስጥ አስቀመጣት።

የግንድ ታንኳ ግን ውሃ ካጣች አለቀላት። በየዓመቱ ሜዳውን የሚያጥለቀልቀው ጎርፍ እየሸሸ፣ ዓሣውም አብሮት እየሄደ፣ እሷ ጠራራ ፀሐይ ላይ ተጋድማ አፍንጫዋ ላይ ፀጉር የምታህል ስንጥቅ አወጣች። ምዋንጋላ ስንጥቋን በጣቷ ዳሰሰች። ከዚያ ወደ ችሎቱ ገባች።

«ክብርት ዳኛ፣ ክሴን ማንሳት እፈልጋለሁ።»

«እማዬ! አበድሽ እንዴ?» አለች ናሲሌሌ።

«አፍሽን ዝጊ።»

ዳኛዋ መነጽራቸውን አወለቁ። «ተከሳሹ መልስ ሰጥቷል። አሁን እንዲሁ ብድግ ብለሽ አትሄጂም፤ ፍርድ ቤቱ መፍቀድ አለበት። ሲማታ፣ ትቃወማለህ?»

«እንዴታ!» ሲማታ ዘሎ ተነሳ። «ገበያ መሃል ሌባ ተብያለሁ። ፍርዱ ይሰጥና ስሜ ይጥራ! ዛሬ ብትተወኝ ነገ ተመልሳ አትከሰኝም?»

«ሌባ ያለህ ማነው?»

ሲማታ ጣቱን ቀሰረ። ወደ ምዋንጋላ አይደለም፤ ወደ ናሲሌሌ ነው።

 ከደጅ «ቋ!» የሚል ድምፅ ተሰማ። የታንኳዋ እንጨት እየተሰነጠቀ ነው። ምዋንጋላ ዓይኗን ጨፈነች።

ናሲሌሌ ያዘጋጀችው ንግግር ሁሉ ከጭንቅላቷ በነነ። ለአጎቷ ላትንበረከክ ምላ ነበር፤ ጉልበቷ ግን ከመሐላዋ ቀደመ። ወለሉ ላይ ሆና ለታላቅ እንደሚደረገው እጆቿን በዝግታ አጨበጨበች።

«አጎቴ፣ ሌባ ያልኩህ እኔ ነኝ። ስትሰርቅ አላየሁም። ተናድጄ ነው።»

ይቅር ያለ መልሶ ያጨበጭባል። ሲማታ ግን እጆቹን ከኪሱ አላወጣም። እሷም ማጨብጨቧን አላቆመችም፤ መዳፏ እየላበ ድምፁ እየደከመ ሄደ።

«ቋ!» አለ ደጁ እንደገና።

ሲማታ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ። የወንድሙ የመጥረቢያ ሥራ ዓይኑ እያየ ሊተረተር ነው። እጆቹን አወጣ። አንዴ አጨበጨበ። ቆይቶ ደገመ።

«ተቃውሞዬን ትቻለሁ። ታንኳዋስ?»

«አብረን እናጠምድባታለን» አለች ምዋንጋላ።

«ክሱ በፍርድ ቤቱ ፈቃድ ተነስቷል» አሉ ዳኛዋ። «በዚህ ጉዳይ ተመልሶ መክሰስ የለም። በሉ ሳትሰበር አንሷት!»

ስንጥቁን በእርጥብ ጭቃ ደፍነው እስከ ውሃው ዳር ጎተቷት። ገና ውሃው ሲነካት ናሲሌሌ ዘላ ገብታ ከፊት ጉብ አለች።

«አያችሁ? በኔ አፍ አለቀ!»

«ያስታረቀችን ፀሐይ ናት» አለ ሲማታ። «አንቺ ሸክም ነሽ። ውረጂና ግፊ።»