የአረፋ ቀን ቁልፍ

ነገረ ፈጁ ቢሻው ሀጀራን ከፍርድ ቤቱ በረንዳ ጥግ ጠራት። ጠበቃነቱ ለውሃ ጽሕፈት ቤቱ ነው።

«አንዲት ቃል ብቻ፣ እህቴ። ‹የኔአለም ሳላውቅ ነው የገባችው› በይ። እኛም ማስጠንቀቂያውን እናነሳለን፣ አንቺም ቦኖሽ ላይ ትቀመጫለሽ።»

«ሳላውቅማ ቁልፉን ከየት አመጣችው?»

«ሰረቀች በያ!» ብሎ ሳቀ።

ሀጀራ አልሳቀችም።

ከጅዳ ስትመለስ ዳግመኛ ለግርድና የሰው ቤት ላትገባ ምላ ነበር። የሰፈሩን ቦኖ፣ የሕዝብ ውሃ መቅጃውን፣ በውል ይዛ መሸጥ ከጀመረች ወዲህ ያኔ ወደ ጅዳ የላካት ደላላ እንኳ ሰላምታዋን እየፈራ ያልፋል። ውሉ ከፈረሰ ግን ከእሱ ደጅ ሌላ የምታውቀው መንገድ የላትም።

ነገሩ የመጣው በአረፋ ነው። ሀጀራ ለዒድ ሶላት ስትሄድ ቁልፉን ከቦኖው አጠገብ ድንች ለምትሸጠው ለየኔአለም ሰጠቻት። የኔአለም ንግሥ ስትሄድ ደግሞ ድንቹን የምትጠብቀው ሀጀራ ናት። በዚያ ቀን ተቆጣጣሪዎች መጡ፤ ከውሃው ላይ የኔአለምን አገኙ። ጽሕፈት ቤቱም «ቦኖውን ለሌላ ሰው አሳልፋ ሰጥታለች» ብሎ ውሉን ሊያቋርጥ ማስጠንቀቂያ ላከ። ሀጀራ የማቋረጫው ቀን ሳይደርስ መካነ ሰላም ከተማ ወርዳ ከሰሰች፤ ፍርድ ቤቱም ጉዳዩን እስኪመረምር ማቋረጡን አገደላት።

ችሎቱ ሲጀመር ዳኛዋ ወይዘሮ ሉሊት ቀና አሉ። «አረፋ ዕለት የት ነበሩ?»

«ሶላት ላይ፣ ክቡር ፍርድ ቤት።»

«ቦኖው ላይስ?»

ቢሻው አያት። በመስኮቱ ጉሙ ከገደሉ ስር ተነስቶ ቀስ እያለ ሜዳውን ያለብሰው ነበር። ሀጀራ ወደዚያ አየች፤ ከዚያ ወደ ዳኛዋ ዞረች።

«የኔአለም ነበረች። ቁልፉን የሰጠኋት እኔ ነኝ። ለሚመጣውም አረፋ እሰጣታለሁ።»

ቢሻው ብድግ አለ። «ይኸው፣ ራሷ አመነች!»

«ዘግታ ብትሄድስ ኖሮ?» አሉት ዳኛዋ።

«አገልግሎት ማቋረጥ ነው። ያም ውል መጣስ ነው።»

«እንግዲያ ምን ታድርግ?»

ቢሻው ተንተባተበ። «ሶላቷን... እዚያው ቦኖው ላይ...»

ከኋላ ወንበር የተቀመጡት የሰፈሯ ሼህ ሙሐሲን አላስቻላቸውም። «ወላሂ፣ ለውዱእ መታጠቢያ ውሃ እንኳ አይቸግራት!»

ችሎቱ ሳቀ። ዳኛዋ ጠረጴዛውን መታ መታ አድርገው ለውሳኔ ወጡ።

ሲመለሱ ንግግራቸው አጭር ነበር። ለበዓል ቀን ሰው መተካት ውልን አሳልፎ መስጠት አይደለም፤ ጽሕፈት ቤቱ ውሉን ሊያቋርጥ አይችልም። የምትተካውን ሰው ግን ከእንግዲህ ሀጀራ አስቀድማ ለጽሕፈት ቤቱ ትናገር።

«አሁኑኑ እናገራለሁ» አለች ሀጀራ ወደ ቢሻው ዞራ። «የኔአለም ናት። ሰምተሃል?»

«ሰማሁ፣ ሰማሁ» አለ መነጽሩን እየጠረገ።

ደጅ ሲወጡ ችሎቱን ስትሰማ የቆየችው የኔአለም ክንዷን ቆነጠጠቻት።

«አንቺ ቂል! ብትክጅኝ ምን ነበረበት? እኔ እንደሁ አልቀየምሽ።»

«አንቺ ባትቀየሚም እኔ እዚያ ቦኖ ላይ አጠገብሽ እንዴት እቀመጣለሁ?»

 ጥቂት እንደሄዱ የኔአለም፣ «ነገ ሚካኤል ነው እኮ» አለች።

«አውቃለሁ። ድንቹን ማታውን ምረጭልኝ። ባለፈው የበሰበሰውን ትተሽልኝ ሰው አሰደብሽኝ።»