ከእትዬ ጋር የመሰከርኩ ዕለት

ወንድሜን ከአንድ መጋዘን ጀርባ ያስረሸነው አዛዥ ባሕር ማዶ ተይዞ ፍርድ ቤት ቀረበ ሲባል የስፌት ቤታችን ሴቶች እልልታውን አቀለጡት። በስክሪን የምመሰክርበት ቀን ሲደርስማ ሁሉም ከበቡኝ። አንዷ አንገትጌዬን ትተኩሳለች፣ ሌላዋ ጸጉሬን ትጎትታለች።

«ፈገግ በይ እንጂ! ያ ተረበኛ ወንድምሽ ቢያይሽ ‹ለዳኛው ልትዳሪ ነው?› ይልሽ ነበር።»

ጨርቅ ቆራጯ እትዬ ብቻ ከመቀሳቸው ቀና አላሉም። አንድ ልጃቸውን ቤቱ ውስጥ እንዳለ የገደለው የዚያው የዳኞቹ አገር አውሮፕላን ነው።

«የኔን ልጅ የበላ አገር ላንቺ ወንድም ፈራጅ ሆነ?»

«ታዲያ ወዴት ልሂድ፣ እትዬ? የኛዎቹ እንደሆነ ሰውዬውን ሾሙት። ቅሪ ካሉኝ እቀራለሁ።»

እኛ ቤት ሰፊ ጨርቅ ብቻውን የሚቆርጥ የለም፤ አንዱ ጫፉን ወጥሮ ይይዛል። የእሳቸውን ጫፍ የምይዘው እኔ ነኝ። መቀሱን አስቀመጡ።

«ብቻሽንማ አትቆርጪውም» ብለው ጫማቸውን አጠለቁ።

የማዘጋጃ ቤቱ ክፍል ውስጥ ጎን ለጎን ተቀመጥን። ሦስቱ ዳኞች ስክሪኑ ላይ ብቅ አሉ። ወዲያው የአስተርጓሚው ድምፅ መጣ፦ «ከምስክሯ አጠገብ ያሉት ሴት ይውጡ።»

«እሳቸው ከተነሱ እኔም እነሳለሁ።»

ምን እንዳልኩ የገባኝ ከአፌ ካመለጠኝ በኋላ ነው። የወንድሜ ደም በእኔ ግትርነት ደመ ከልብ ሊሆን ነው! ዳኞቹ ተንሾካሾኩ።

«ይቀመጡ። መናገር ግን አይችሉም።»

ያየሁትን ተናገርኩ። የወንድሜን እጅ በገዛ ቀበቶው እንዳሰሩት፣ አዛዡ ሲጋራውን ከአፉ ሳያወጣ «ተኩስ!» እንዳለ። ስክሪኑ ጥግ ላይ የሚታየው ሰውዬ አንገቱን ሲደፋ እልል ልል ትንሽ ቀረኝ።

«ጨርሰዋል?» አለ አስተርጓሚው።

«ጨርሻለሁ።»

እትዬ ብድግ አሉ። «እኔስ? ልጄን ከሰማይ የጨረሰብኝ የናንተው ሰው ነው! እሱንስ መቼ ነው እዚያ የምታቆሙት?»

መካከለኛው ዳኛ ጆሮው ላይ ያለውን ማዳመጫ በጣቱ ጫን አደረገ። ፊቱ ተለዋወጠ። ስክሪኑ ጨለመ።

«ሰምቶ ነው የዘጋው ሳይሰማ?»

«ሰምቶ ነው፣ እትዬ! በዓይኔ አየሁት!»

አጅበውን መጥተው በር ላይ የሚጠብቁን የስፌት ቤታችን ሴቶች እልልታቸውን ለቀቁት።

«ዝም በሉ እስቲ፣ ገና ነው!» አሉና እትዬ ስክሪኑን ወደሚያገናኘው የማዘጋጃ ቤት ሠራተኛ ዞሩ። «የኔ ወንድም፣ መልሰህ ደውልላቸው።»