ሞት የማይደግመው ሰውዬ

ሰፈሩ «ሟቹ» ነበር የሚለው። ልጁ ግን «አባዬ» ነው የምትለው። ጓደኛሞች በተዋሱት ካሜራ በሚሠሯቸው አስፈሪ ፊልሞች ላይ ሠላሳ ዓመት ሙሉ ሲሞት ኖሯል፤ አርባ አንድ ጊዜ። በመጥረቢያ ተፈልጦ፣ በአሻንጉሊት ተነክሶ፣ አንዴማ በገዛ ጥላው ታንቆ። የአንዱንም ፊልም መጨረሻ በሕይወት ደርሶበት አያውቅም። የሚኮራበት ነገር ቢኖር ሞቱ ተደግሞ አለመቀረጹ ነው። «ሌላው አምስቴ ይሞታል፤ እኔ በአንዴ!» ይላል፣ ከጆሮው ሥር ቀይ ቀለም እየጠረገ።

አንድ ሕግም ነበረው። ዳይሬክተሩ «በቃ!» ቢልም አይነሳም። ሜካፕ የምትሠራው ሴትዮ መጥታ ግንባሩን በብሩሿ ነካ አድርጋ «ተነስ እንግዲህ» እስክትለው ድረስ ሬሳ ነው። «የገደለችኝ እሷ፤ የምታስነሳኝም እሷ» ይላል። አንድ ቀን ሴትዮዋ ሙጫ ልትገዛ ወጥታ ቆየች። ሰዉ ምሳውን በልቶ ሲመለስ፣ እሱ ዝንብ እንደሰፈረበት እዚያው ወለሉ ላይ ተጋድሞ ነበር።

ታዲያ አንድ ቅዳሜ ረፋድ ላይ፣ ወንበሩ ላይ እንደተቀመጠ፣ አንድ ካልሲ አጥልቆ ሌላው በእጁ እንዳለ ሞተ። ልጁ ጮኸች። ጎረቤቷ በመስኮት ብቅ አለች።

«ይሄኛው ደግሞ ለየትኛው ፊልም ነው?»

«እውነቱን ነው እኮ፣ እትዬ!»

«እሱማ መቼ ውሸቱን ሞቶ ያውቃል? ጎበዝ ነው!»

ሐኪሙ ሳይቀር ደረቱን ሦስት ጊዜ አዳምጦ፣ ብብቱን ኮርኩሮ ነው ወረቀቱን የፈረመው።

በማግስቱ ሳሎኑ በሰው ጢም አለ፤ አንድም ዓይን ግን አልረጠበም። ዳይሬክተሩ የሬሳ ሳጥኑ ላይ ጎንበስ ብሎ «ትንፋሽ አያያዙን እዩልኝ!» ይላል። አጎቷ ሳቁን በመዳፉ አፍኖ ሰዓቱን ያያል። ልጅቷን ያንገበገባት ግን የእነሱ ነገር አልነበረም። እሷንም ራሷን እንባ እንቢ አላት። ጆሮዋ ኮሪደሩ ላይ ነው፤ የሜካፕ ሠሪዋን ኮቴ ትጠብቃለች። ከአንድ ሰዓት በኋላ አባቷ ሳይለቀስለት ሊቀበር ነው።

ሜካፕ ሠሪዋን ወጥ ቤት አገኘቻት፤ የታጠበ ብርጭቆ መልሳ ታጥባለች።

«አክስቴ፣ ንኪው።»

«አልነካውም።»

«ሰዉ ሁሉ አንቺን ነው የሚጠብቀው። እኔም ጭምር።»

«ተነስ ብዬው ባይነሳስ?» አለች ሴትዮዋ፣ ዓይኗን ከብርጭቆው ሳትነቅል። «እስካልነካሁት ድረስ እኮ ሥራ ላይ ነው፣ ልጄ።»

«ሥራ ላይ በአንድ ካልሲ ተኝቶ ያውቃል?»

ሴትዮዋ ብርጭቆውን አስቀመጠች። እጇን በቀሚሷ አደረቀች። ከቦርሳዋ ፀጉሩ የሳሳ ብሩሽ አወጣች፤ ሳጥኑ አጠገብም ሄዳ ተንበረከከች። ከጆሮው ሥር የቀረች ቀይ ነጥብ አይታ፣ ጣቷን በምራቋ አርጥባ ጠረገችለት። ከዚያ ግንባሩን ነካ አደረገች።

«ተነስ እንግዲህ።»

አጎትየው ሰዓቱን ማየት ተወ።

አልተነሳም።

«ምናልባት...» አለ ዳይሬክተሩ፣ ድምፁ እንደ ሕፃን ቀጥኖ፣ «ምናልባት አንዴ ብንደግመው?»

«አባዬ ሞቱን ደግሞት አያውቅም» አለች ልጅቷ። «በአንዴ ነው።»

«እውነቱን ነው ለካ!» ብላ ጎረቤቷ ደረቷን መታች፤ ሳሎኑ በአንድ አፍ ጮኸ። ልጅቷ ከኪሷ ሁለተኛውን ካልሲ አውጥታ ባዶ እግሩ ላይ ታጠልቅለት ጀመር። ተረከዙ ጋ ሲደርስ አልገባ ብሎ ሲያስቸግራት፣ ከትናንት ጀምሮ እንቢ ያላት እንባ መጣ።