ልጅን የማየት አቤቱታ

አባቴ እኔን ለማየት ያቀረበው አቤቱታ ውድቅ የሆነው እኔ ስላደግኩ ነው።

ወላጆቼ ሲፋቱ ገና ፊደል አልለየሁም። እናቴ "አታያትም" አለችው፤ ከሰሳት። ጠበቃው ደግሞ "ውሳኔ እስኪሰጥ ልጅቷ አጠገብ ዝር እንዳይሉ፤ መዝገባችን ይበላሻል" ብሎ አስጠነቀቀው። አባቴ ልብስ ሰፊ ነው፤ ሱቁ ከትምህርት ቤቴ ፊት ለፊት ነበር። የመውጫ ደወል ሲደወል ከስፌት መኪናው ተነስቶ ወደ ጓዳ ይገባል። እኔ የማየው ባዶ ወንበር ነው። ዳኛ ተቀየረና ጉዳዩ እንደ አዲስ ተጀመረ። አስተያየት እንድትሰጥ የታዘዘችው ባለሙያ የወሊድ ፈቃድ ወጣች፤ ጉዳዩ እንደገና ተቀጠረ። በዚህ መሃል እኔ ዩኒቨርሲቲ ገባሁ።

ዛሬ ችሎት የሄድኩት ማንም ሳይጠራኝ ነው። እናቴ አልመጣችም። ዳኛዋ ቀና ሳትል አነበበች፦ ልጅቷ አካለ መጠን ስለደረሰች አባቷን ለማየት የማንም ፈቃድ አያስፈልጋትም፤ አቤቱታው ሕጋዊ ፋይዳ ስለሌለው መዝገቡ ተዘግቷል።

አባቴንና ጠበቃውን ተከትዬ ጠበቃው ቢሮ ገባሁ።

"እንግዲህ ምን ይደረግ፣ ልጅዎ መዝገቡን ቀደመችው" አለ ጠበቃው እየሳቀ።

አባቴ አልሳቀም። "ተሸነፍኩ ማለት ነው?"

"ኧረ አልተሸነፉም።"

"አሸነፍኩ?"

"አላሸነፉምም። አለቀ፣ በቃ።"

"እኔ ነኝ" አልኩት ከበሩ አጠገብ።

"አውቄሻለሁ የኔ እናት፣ ቁጭ በይ" አለ፤ ዓይኑ ግን ከጠበቃው አልተነቀለም።

"ከሰዓት ክፍል የለኝም። ከፈለጉ ምሳ አብረን እንብላ።" አንቱ ያልኩት ለአክብሮት አይደለም፤ አንተ ለማለት አፌ አልለመደም።

ብድግ አለና መልሶ ተቀመጠ። "ትንሽ ታገሺኝ። እናትሽ አጠፋች ሳይባል እንዴት ይዘጋል? ሰው እኮ ልጁን ጥሎ ሄደ ነው የሚለኝ።" ወደ ጠበቃው ዞረ። "ይግባኝ ይቻላል?"

"መቻሉንስ ይቻላል። ግን ምን ለማግኘት?"

"ልጄን ለማየት ነዋ!" ጠረጴዛውን መታው።

"ይኸው አለሁ እኮ" አልኩ።

"ተይ አንቺ፣ የትልልቅ ሰው ነገር ውስጥ አትግቢ።" ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ጠበቃውን ጠየቀው። "ይግባኝ ካልን ግን፣ እስከዚያው ከእሷ ጋር ብገኝ አይጎዳንም?"

ጠበቃው ቀና ብሎ አየኝ። መልሱን አልጠበቅኩም። ቦርሳዬን አንስቼ ወጣሁና በሩን ዘጋሁት።